በዝናባማ ደን ውስጥ በፈረስ ተጉዞ መዋኘት፦ ከመነሣታችን በፊት አዘጋጆቹን ምን እንጠይቅ?

የደን መንገደኛ (ጥያቄ)

ጤና ይስጥልኝ። እኔ፣ ባለቤቴና የ11 ዓመት ልጃችን በሚቀጥለው የዕረፍት ጊዜያችን በሐሩር ክልል ዝናባማ ደን ውስጥ በአስጎብኚ የሚመራ የአንድ ቀን ጉዞ ለማድረግ አስበናል። ጠዋት በፈረስ ተነሥተን ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል በደኑ ውስጥ ከተጓዝን በኋላ በአንድ ፏፏቴ ሥር ባለ የተፈጥሮ ኩሬ እንዋኛለን፤ ከሰዓት በኋላ ደግሞ በመጣንበት መንገድ እንመለሳለን። ማስታወቂያው «የግልቢያ ልምድ አያስፈልግም፤ ዋና የማይችሉም መሳተፍ ይችላሉ» ይላል። እኔን ያሳሰበኝም ይኸው ለሁሉም ሰው ይሆናል የሚለው አነጋገር ነው።

የእኛ ሁኔታ እንዲህ ነው። ባለቤቴ 96 ኪሎ ግራም ይመዝናል፤ ፈረስ ላይ ወጥቶ አያውቅም። ልጄ በመዋኛ ገንዳ ጎበዝ ናት፤ በወራጅ ውሃ ግን ዋኝታ አታውቅም። እኔ በልጅነቴ ፈረስ እጋልብ ነበር፤ ዋና ግን አልችልም። ከዚህም በላይ አዘጋጆቹ ለሚፈልግ ሰው ከፈረሱ ጋር ጥልቅ ውሃ ውስጥ ገብቶ አብሮ መዋኘትን በተጨማሪ ምርጫነት አቅርበዋል፤ የልጄ ልብ ከአሁኑ የተንጠለጠለው እዚያ ላይ ነው።

የምጠይቃችሁ «ተጠንቀቁ» የሚለውን አጠቃላይ ምክር አይደለም። ገንዘብ ከመክፈላችን በፊት አዘጋጆቹን ምን ብንጠይቃቸው ሥራቸውን የሚያውቁና የማያውቁ መሆናቸው ይለይልናል? በቦታው ስንደርስስ በገዛ ዓይናችን ምን ማየት አለብን?

ባለእርካብ (መልስ)

ጤና ይስጥልኝ እህታችን። ፈረሰኞችን በደን መንገድ የመምራት ሥራ ለዓመታት ስለሠራሁ በፈረሱ በኩል ያለውን ልመልስልዎት፤ የውሃውን ጉዳይ ለሚያውቁት እተወዋለሁ።

ከባለቤትዎ ክብደት ልጀምር። ይህን ጉዳይ አንሥቶ መነጋገር እንግዳውንም አስጎብኚውንም ያሳፍራል፤ የፈረሱ ጀርባ ግን ይሉኝታ አያውቅም። በሰፊው የሚሠራበት መለኪያ ፈረስ ከራሱ ክብደት 20 በመቶ የማይበልጥ ጭነት ይሸከም የሚል ሲሆን፣ ጭነት ሲባል ኮርቻውም አብሮ ይቆጠራል። በአሜሪካ የኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2008 ባሳተሙት ጥናት፣ ፈረሶቹ ከክብደታቸው 25 እና 30 በመቶ ሲጫኑ 15 እና 20 በመቶ ከተጫኑበት ጊዜ ይልቅ የልብ ምታቸው ከፍ ብሎ፣ ጡንቻቸውም ይበልጥ ታምሞ ተገኝቷል። ስሌቱን በእርስዎ ቤተሰብ ላይ ብናደርገው፣ 96 ኪሎ ግራም ሰው 12 ኪሎ ግራም በሚመዝን ኮርቻ ላይ ሲቀመጥ 108 ይሆናል፤ ይህን በአግባቡ የሚሸከም ፈረስ 540 ኪሎ ግራም መመዘን አለበት ማለት ነው። ለእንዲህ ዓይነቱ ጉዞ የሚቀርቡ ብዙ ፈረሶች ከዚህ በእጅጉ ያንሳሉ። ስለዚህ «ትልቅ ፈረስ አላችሁ?» ብለው አይጠይቁ፤ «አዎ» መባሉ አይቀርምና። ይልቁንስ የተሳታፊዎችን ክብደት አስቀድመው ይመዘግቡ እንደሆነና ከስንት ኪሎ ግራም በላይ እንደማይቀበሉ ይጠይቋቸው። ክብደትን ጨርሶ የማይጠይቅ አዘጋጅ ፈረሱን የሚመድበው በዘፈቀደ ነው።

የደኑ ሙቀት ደግሞ ይህን ሁሉ ያከብደዋል። ፈረስም እንደ ሰው ሰውነቱን የሚያቀዘቅዘው በላብ ነው፤ ላብ ግን የሚያቀዘቅዘው ሲተን ብቻ ነው። ዛፉ ጥቅጥቅ ባለበት፣ ነፋስ በማይገባበትና አየሩ በእርጥበት በተሞላበት ቦታ ላቡ ሳይተን እየተንጠባጠበ ይወርዳል፤ ፈረሱም እያላበው ሙቀቱ አይቀንስለትም። በእንዲህ ያለ መንገድ ላይ አዋቂ አስጎብኚ ፈረሶቹን የሚነዳው በርምጃ ነው። ሥር በበዛበትና ጭቃ ባለበት መንገድ «እስኪ እንጋልብ» የሚል አስጎብኚ ካጋጠመዎት፣ እንግዳ ለማስደሰት ብሎ የፈረሱንም የእርስዎንም እግር የሚያስይዝ ሰው ነውና እምቢ ይበሉት።

በቦታው ስትደርሱ ኮርቻ ያልተጫነ ፈረስ ለማየት ይሞክሩ፤ ተጭኖ ከጠበቃችሁም ግላሱን ገለጥ አድርገው እንዲያሳዩዎት ይጠይቁ። ቁስል ካለ ገጣባ ፈረስ ነውና ነገሩ አለቀ፤ ሌላ ማስረጃ አያስፈልግም። ቁስል ከሌለም በጥቁር ወይም በቡላ ፈረስ ትከሻና ጀርባ ላይ፣ በተለይ ኮርቻው በሚያርፍበት ቦታ፣ እንደ ሳንቲም ክብ ክብ ያሉ ነጫጭ የጸጉር ምልክቶችን ይፈልጉ። ኮርቻ ቆዳውን ለረጅም ጊዜ ሲጫነው የጸጉሩ ሥር ስለሚጎዳ፣ ቁስሉ ከዳነ በኋላም እንኳ በዚያ ቦታ የሚበቅለው ጸጉር ነጭ ይሆናል። አንድ ፈረስ ላይ ብቻ ከሆነ የቀድሞ ባለቤቱ ጥፋት ሊሆን ይችላል፤ በአብዛኞቹ ላይ ከታየ ግን የቤቱ ልማድ ነው።

ጫማችሁ አጭር ተረከዝ ያለውና ጣትን የሚሸፍን ይሁን። ወደ ውሃ የሚሄድ ሰው ሁሉ ክፍት ጫማ ማድረግ ያምረዋል፤ ተረከዝ የሌለው ጫማ ግን እርካቡ ውስጥ ተንሸራቶ ይገባና ሰው ሲወድቅ እግሩን ይዞ ያስቀራል። እርካቡን በእግራችሁ ፊተኛ ክፍል ብቻ እርገጡ። የውሃውን ጫማ በቦርሳ ያዙት። ለልጅዎ ልኳ የሆነ ሄልሜት መኖሩን አስቀድመው ያረጋግጡ፤ የአዋቂ ሄልሜት ልጅ ራስ ላይ ከተንቀሳቀሰ እንደሌለ ይቆጠራል።

ከፈረስ ጋር መዋኘትን በተመለከተ፦ ፈረስ በተፈጥሮው ይዋኛል፤ ችግሩ ያለው ተቀማጩ ላይ ነው። ውሃው ፈረሱን ከመሬት ሲያነሣው የደነገጠ ሰው የመጀመሪያ ሥራው ለኮውን መጎተት ነው፤ አፉ የተጎተተ ፈረስ ደግሞ ራሱ ወደ ላይ ተንጋዶ ሚዛኑን ይስታል። ስለዚህ እግርን ከእርካብ አስቀድሞ ማውጣት፣ ለኮውን ማላላትና ጋማውን ይዞ ከጀርባው ላይ መንሳፈፍ ነው ደንቡ። የፊት እግሮቹ ውሃ ውስጥ በኃይል ይቀዝፋሉና ወደ ደረቱ በኩል መሄድ አይገባም። ኮርቻ ተጭኖ፣ ራሱን ወደ ታች የሚይዝ ጠፍር ታስሮበት ፈረስ ወደ ጥልቅ ውሃ የሚያስገባ ሰው ካዩ ልጅዎን ይዘው ይመለሱ።

በመጨረሻ ሰው ሁሉ የሚረሳውን ልንገርዎት። በዕረፍቱ ሰዓት የኮርቻው የሆድ ጠፍር ላላ ይደረጋል፤ መደረግም አለበት። ሲመለሱ ግን አስጎብኚው እያንዳንዱን ፈረስ በእጁ ፈትሾ እንደገና ማጥበቅ ይኖርበታል። ከዋና የወጣ ሰው ደክሞታል፣ ሱሪው ረጥቧል፣ ልቡም ቤቱ ገብቷል፤ ኮርቻ ወደ ጎን ዞሮ ሰው ሲወድቅ ያየሁት በአብዛኛው በዚህ ሰዓት ነው።

ዋናተኛ (መልስ)

ባለእርካብ የተውልኝን ልቀበል፤ በውሃ ነፍስ አድን ሥራ ላይ ነኝ። ስለ ኩሬው ከመናገሬ በፊት ግን የዚህ ዓይነት ጉዞ ዋናው ቀዳዳ የት እንደሆነ ልጠቁም። አስጎብኚው የፈረስ ሰው ነው። ከፏፏቴው ስትደርሱ የእርሱ ሥራ ፈረሶቹን ማሰር፣ ጠፍር ማላላት፣ ውሃ ማጠጣትና እርስ በርስ እንዳይራገጡ መጠበቅ ነው። ይህ ሁሉ በሚሆንበት ጊዜ እናንተ ልብሳችሁን አውልቃችሁ ውሃ ገብታችኋል። እንግዲህ የመጀመሪያው ጥያቄዎ ይህ ይሁን፦ እኛ በምንዋኝበት ጊዜ ዓይኑን ከውሃው ላይ የማያነሣው ሰው ማን ነው? ስሙን ሊነግሩዎት ይገባል። «ሁላችንም እናያችኋለን» ማለት ማንም አያያችሁም ማለት ነው። የሚሰምጥ ሰው ብዙውን ጊዜ አይጮኽም፣ እጁንም አያውለበልብም፤ አፉ ከውሃው በላይ ብቅ ጥልቅ እያለ ጸጥ ብሎ ነው የሚሄደው፤ ይህም ከ20 እስከ 60 ሰከንድ ባለው ጊዜ ውስጥ ሊያልቅ ይችላል። ፈረስ ለማሰር ከሚፈጀው ጊዜ ያነሰ ነው።

የልጅዎ የገንዳ ዋና ጥሩ መነሻ ቢሆንም የፏፏቴ ኩሬ ባሕርይው ሌላ ነው። የሚወርደው ውሃ ከሥሩ እየተመለሰ ይዞራል፤ ወደ ፏፏቴው የቀረበን ሰው ወደ ታችና ወደ ራሱ ይስባል። ነጭ አረፋ የበዛበት ውሃ በአየር የተሞላ ስለሆነ ሰውን እንደ ተራ ውሃ አያንሳፍፍም፤ በገንዳ የምታውቀው መንሳፈፍ እዚያ ይከዳታል። ከላይ ደግሞ ድንጋይና ግንድ አብሮ ይወርዳል። ስለዚህ ከፏፏቴው ሥር ቆሞ ፎቶ መነሣት የሚለውን ከመርሐ ግብራችሁ ሰርዙት። ከቋጥኝ ላይ መዝለልም እንዲሁ፤ እያንዳንዱ ጎርፍ ግንድና ድንጋይ ስለሚያመጣ አስጎብኚው ባለፈው ወር የሚያውቀው ጥልቀት የዛሬው ላይሆን ይችላል።

እርስዎ ዋና ስለማይችሉ በልክዎ የተሠራና ማሰሪያዎቹ በሙሉ የሚሠሩ የሕይወት አድን ጃኬት ያስፈልግዎታል፤ ለልጅዎም በክብደቷ ልክ። ለብሳችሁ ትከሻው ላይ ወደ ላይ ሲጎተት ወደ ጆሮ የሚወጣ ከሆነ ልኩ አይደለም።

ከሁሉ የሚከፋው ደራሽ ጎርፍ ነው። በእናንተ ራስ ላይ ጸሐይ እያለ ወደ ላይኛው ተፋሰስ ዝናብ ሊወርድ ይችላል፤ ከቅጠሉ ጣሪያ ሥር ሆኖ ደግሞ ደመናውን ማየት አይቻልም። ጥርት ያለው ውሃ በድንገት ከደፈረሰ፣ ቅጠልና ጭራሮ እየተንሳፈፈ መምጣት ከጀመረ፣ ወይም የፏፏቴው ድምፅ ከተለወጠ፣ ዕቃ ሳትሰበስቡ ወደ ከፍታ ውጡ። ሰው በዚህ ጊዜ ወደ ፈረሱ ነው የሚሮጠው፤ ፈረሶቹ የታሰሩት ከወንዙ ዳር ከሆነ ግን መንገዱ ወደ ሞት ነው። ነጎድጓድ ከተሰማም ከመጨረሻው ድምፅ በኋላ 30 ደቂቃ ሳይሞላ ወደ ውሃ አይመለሱ። በብዙ የሐሩር አካባቢዎች ዝናቡ ከሰዓት በኋላ ስለሚበረታ ጠዋት መዋኘቱ ይመረጣል። «ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው» ያሉት ይህንን ሳያዩ አይመስለኝም።

የደን መንገደኛ

ሁለታችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። ጥያቄዎቹን በጽሑፍ ልኬላቸው መልስ ሰጥተውኛል። ክብደት እንደሚመዘግቡ፣ ለባለቤቴም የሚሆን ፈረስ ወይም በቅሎ እንደሚፈልጉ፣ ካላገኙ ግን እንደማይቀበሉት በግልጽ ነግረውኛል፤ ይህ መልካም መስሎ ታይቶኛል። የሕይወት አድን ጃኬት በተለያየ ልክ አላቸው። ውሃውን ማን ይጠብቃል ላልኩት ግን «አስጎብኚው አንድ ነው፤ ከፈረሶቹም ብዙ አይርቅም» የሚል መልስ ነው የመጣልኝ። ፈረሶቹስ የት ነው ውሃ የሚጠጡት ብዬ ስጠይቅ ከዚያው ከኩሬው እንደሆነ ነገሩኝ። ይህ በጤና በኩል የሚያሳስብ ነገር አለው?

የሐኪም ቤት ሰው (መልስ)

አለው፤ የሚያሳስበው ግን ፈረሱ ከኩሬው መጠጣቱ ብቻውን አይደለም። ሌፕቶስፓይሮሲስ የሚባለውን በሽታ የሚያመጣው ባክቴሪያ በአይጦች፣ በከብቶች፣ በፈረሶችና በሌሎች እንስሳት ሽንት ወደ ውሃና ወደ ጭቃ ይገባል፤ ወደ ሰው የሚተላለፈው ደግሞ በተላጠ ቆዳ እንዲሁም በዓይን፣ በአፍንጫና በአፍ ስስ ሽፋን በኩል ነው። የእናንተን ጉዞ ልዩ የሚያደርገው ቅደም ተከተሉ ነው፦ ለሁለት ሰዓት ተኩል ኮርቻ ላይ የተቀመጠ ጀማሪ ጭኑና የጉልበቱ ውስጥ ተልጦ ነው ውሃው ዘንድ የሚደርሰው። ስለዚህ ከውስጥ ስፌቱ የማይጎረብጥ፣ ቆዳ ላይ የሚጣበቅ ረጅም ሱሪ መልበስ ለምቾት ብቻ ሳይሆን ለጤናም ነው። የተላጠ ቦታ ካለ ውሃ በማያስገባ ፕላስተር ይሸፈን፤ ሰፊ ከሆነ ዋናው ይቅር። ፈረሶቹም ከዋናተኞቹ በታች፣ ማለትም ውሃው ወደሚወርድበት በኩል እንዲጠጡና እንዲቆሙ ይጠይቁ።

ነገሩ በወሬ ደረጃ ያለ ስጋት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2000 በማሌዥያ ሳባህ ግዛት በተካሄደ የደን የጽናት ውድድር ላይ የተሳተፉ ብዙ ስፖርተኞች በዚህ በሽታ የታመሙ ሲሆን፣ በኋላ የተደረገው ምርመራ ዋናውን መንሥኤ በሰጋማ ወንዝ ውስጥ ከመዋኘት ጋር አያይዞታል። ዶክሲሳይክሊን የሚባለውን ፀረ ባክቴሪያ መድኃኒት አስቀድሞ መውሰድ በአንዳንድ ሁኔታ ይመከራል፤ ለልጅና ለነፍሰ ጡር ግን የራሱ ገደብ ስላለው በሐኪም ትእዛዝ እንጂ በራስ ውሳኔ አይወሰድም።

በአፍሪካና በአንዳንድ የደቡብ አሜሪካ አካባቢዎች ደግሞ ቢልሃርዚያ አለ። ተሸካሚው ቀንድ አውጣ የሚወደው ዝግ ያለና አረም የበዛበት ውሃ ስለሆነ በኃይል የሚወርድ ፏፏቴ ያነሰ ስጋት አለው፤ የኩሬው የተኛ ዳርቻ ግን ከዚህ አይድንም። ከዋና በኋላ ሰውነትን በፎጣ ማድረቅ በዚህ ላይ መተማመኛ አይሆንም። ለቢጫ ወባ ክትባት የሚጠየቅበት አገር ከሆነ የምስክር ወረቀቱ የሚጸናው ከተከተቡ ከ10 ቀን በኋላ ነውና ቀኑን አስቀድመው ይቁጠሩ።

ከተመለሳችሁ በኋላ በአንድ ወር ውስጥ ትኩሳት፣ ከባድ ራስ ምታት ወይም የባት ሕመም ከመጣ ለሚያያችሁ ሐኪም «በደን ውስጥ በወራጅ ውሃ ዋኝተን ነበር» ብላችሁ ንገሩ። ያልተነገረው ሐኪም ጉንፋን ወይም ወባ ብቻ ሊያስብ ይችላል።

ጉዞ ወዳድ (መልስ)

የተባለው ሁሉ እውነት ነው፤ ነገር ግን ሰው ይህን አንብቦ ቤቱ ይቀመጣል ብዬ ፈራሁ። በእግር የሚሄድ ሰው በዝናባማ ደን ውስጥ የሚያየው የገዛ ጫማውን ነው፤ ሥሩን፣ ጭቃውንና ጉንዳኑን ሲጠብቅ ይውላል። ኮርቻ ላይ ግን እግርዎን የሚጠብቀው ፈረሱ ስለሆነ ቀና ብለው መሄድ ይችላሉ። ወደ መሬት የሚደርሰው ብርሃን ከላይ ካረፈው 2 በመቶ ገደማ ብቻ ነው ይባላል፤ ያ ጥቂት ብርሃን በአንድ የወደቀ ዛፍ ክፍተት ገብቶ የፈረሱን ጆሮ ሲያበራ ማየት ራሱ ለጉዞው ይበቃል። አንድ ሰው ብቻ የውሃ ጠባቂ ባለመኖሩ ይህን ሁሉ መተው ያሳዝናል።

ዋናተኛ

ይተው ያለ የለም። ለአዘጋጆቹ መፍትሔውን እርስዎ ያቅርቡላቸው፦ ለፈረሶቹ የሚቆም አንድ ረዳት ሠራተኛ እንዲጨምሩና አስጎብኚው ወይም ረዳቱ፣ ከሁለቱ መዋኘት የሚችለው፣ ተንሳፋፊ ነገር የታሰረበት መወርወሪያ ገመድ ይዞ ውሃው ዳር እንዲቆም። ተጨማሪ ክፍያ ቢጠይቁም ተገቢ ነው። ይህ ካልሆነ ባለቤትዎና ልጅዎ በየተራ፣ ከወገብ በማይበልጥ ውሃ ውስጥ፣ ጃኬት ለብሰው ይግቡ፤ እርስዎም ገመዱን ይያዙ። ዋና የማይችል ሰው ከዳር ሆኖ ገመድ መወርወር ይችላል፤ ማድረግ የሌለበት ተከትሎ መግባት ነው።

የደን መንገደኛ

ረዳት ሠራተኛ ለመጨመር ተስማምተዋል። የቀረኝ የልጄ ጥያቄ ነው፦ ከፈረሱ ጋር መዋኘቱን ልፍቀድላት?

ባለእርካብ

ኮርቻውን የሚያወርዱ ከሆነ፣ ፈረሱ ይህን ሥራ የለመደ ከሆነና አንድ ሰው ከእርሷ ጋር ውሃው ውስጥ ከገባ ይቻላል። ግን ከመግባቷ በፊት ፈረሱ ዐርፎ እንደሆነ ይዩ። ዐርፎ የቆመ ፈረስ በደቂቃ ከ8 እስከ 16 ጊዜ ነው የሚተነፍሰው፤ ከጎኑ ቆመው የጎድኑን መነሣትና መውረድ ሰዓት ይዘው ይቁጠሩ። የአፍንጫው ቀዳዳ ሰፍቶ ጎድኑ ቶሎ ቶሎ የሚመታ ከሆነ ጥላ ሥር ይቆይ፤ ውሃ የደረቱን ግራና ቀኝ ሲጫነው መተንፈስ ይበልጥ ይከብደዋልና። ልጅዎም ትቁጠር፤ መጠበቁ እንዳይሰለቻት ሥራ ይሆናታል። ከዋናው በኋላ ደግሞ ፈረሱ ጀርባው ሳይደርቅ ኮርቻ እንዳይጫንበት ይንገሯቸው፤ እርጥብ ቆዳ ላይ የተጫነ ኮርቻ በአንድ መንገድ ጀርባውን ይልጠዋል። ይህን ለማድረቅ ጊዜ ከሌላቸው ለመመለሻው ሌላ ፈረስ ይኑራት፤ በሐሩር ክልል ጸሐይ ከጠለቀች በኋላ ምሽቱ ፈጥኖ ስለሚጨልም፣ ከደኑ ሥርም ከዚያ ቀድሞ ስለሚመሽ፣ እስኪደርቅ እየጠበቁ ማምሸት አያዋጣም።